ስለ «ፍሪ ዊሊ» ሲኒማ

«ፍሪ ዊሊ» የተባለው የአሜሪካ ሲኒማ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1993 ዓ.ም. ወጣ። እናቱ የተወችው ብላቴና በገንዳ ለትርኢት ከታሰረ ዓሣ አንበሪ ጋራ ይወዳጃል፥ ኋላም ወደ ባሕር ይሰደዋል። ዓሣ አንበሪው በብላቴናው ራስ ላይ ዘሎ የድንጋዩን ግድብ ሲሻገር የማይነካ ልብ የለም፤ ሠሪዎቹም ይህን አሳምረው አውቀዋል።

ነገር ግን ግድቡን የዘለለው በብልኃት የተሠራ ምስል ነው። ዊሊን ሆኖ የታየው ኬይኮ በ1979 ዓ.ም. በአይስላንድ ባሕር ተይዞ፥ ከእጅ ወደ እጅ ተሸጦ፥ በሜክሲኮ ከተማ መዝናኛ ሥፍራ በጠባብና በሙቅ ገንዳ ቆዳው ቆስሎ ይኖር ነበር። ሰሙ ነፃነት፥ ወርቁ እስራት፤ በቅኔ ግን ወርቁን አስተዋይ ይደርስበታል፥ ትኬት የቆረጠው ሕፃን ይህን በምን ይወቅ? በ1995 ዓ.ም. የወጣው ሁለተኛው ክፍል ዊሊን በባሕር ከወንድሞቹ ጋራ ሲያሳይ ኬይኮ ገና በዚያው ገንዳ ነበር።

ያለ ፍሬ ቀረ ማለት ግን ግፍ ነው። ወሬው በተሰማ ጊዜ ሕፃናት ሳይቀሩ ገንዘብ አዋጡ፤ ኬይኮ በ1996 ዓ.ም. ወደ ኦሬገን፥ በ1998 ዓ.ም. ወደ አይስላንድ ተወሰደ። በ2002 ዓ.ም. ነፃ ወጥቶ ኖርዌይ ደረሰ፤ እዚያም ሰው ፈልጎ ወደ ጀልባ ተጠጋ። ሊያዩትና ሊዳስሱት የመጡት በዝተው፥ እንዳይቀርቡት ተከለከለ። በ2003 ዓ.ም. በዲሴምበር በዚያው በኖርዌይ ዳርቻ ሞተ።