የሰብለ ወንጌል ክብር በማን እጅ ነበር?

በ1958 ዓ.ም. የታተመው የሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» ዘወትር የሚመሰገነው በቋንቋው ውበትና የባላባቱን ሥርዓት በመንቀፉ ነው። ምስጋናው ይገባዋል። እኛን ግን መጽሐፉን በሌላ በኩል እንድንመለከተው ያነሣሣን በሰበታ፥ በቡራዩና በሱሉልታ የሚኖሩ ወጣት ሴቶች ስለ ፍቅርና ስለ ትዳር ሲነጋገሩ መስማታችን ነው።

ፊታውራሪ መሸሻ አጥንት እየቆጠሩ ለልጃቸው የመጣውን ባል ሁሉ ይመልሳሉ። ስለዚህ የሰብለ ክብር በአባቷ አፍ ከፍ ባለ ቁጥር ዕድሜዋ ያልፋል፤ ክብሩ የቤቱ እንጂ የእርሷ አይደለምና። ደራሲው ፍቅሩን በትምህርት ማስጀመሩ ከሁሉ ይልቅ የሚደነቅ ነው፤ በዛብህ ሊያስተምራት ሲመጣ ሰብለ የምትጠበቅ ንብረት መሆኗ ቀርቶ የምታስብ ሰው ሆና ትታያለች። ኋላም ከአባቷ ቤት የምትወጣው በገዛ እግሯ ነው።

የሰማናቸው ወጣቶች፥ አንዲቱ በአበባ እርሻ ደመወዝተኛ፥ ሌላይቱ በየማለዳው ለሥራ ወደ አዲስ አበባ የምትመላለስ፥ አጥንት የሚቆጥር አባት የለባቸውም። ቆጣሪ ግን አላጡም። ደመወዛቸው ይቆጠራል፤ መልካቸው ይመዘናል፤ እነርሱም ራሳቸው በስልክ የላኩት መልእክት ሳይመለስ ያደረበትን ሰዓት እየቆጠሩ ዋጋቸውን ይተምናሉ። ከጋብቻ በፊት መቀራረብን እምቢ ያለችው «አትወጂኝም» ትባላለች፤ እሺ ያለችውም ኋላ በዚያው ሰው አፍ ትናቃለች። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ሴት ልጅ በ15 ዓመቷ እንድታገባ ይፈቅድ ነበር፤ በ1992 ዓ.ም. የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ ይህን ወደ 18 አሳደገው። ይሁን እንጂ እምቢ ስትል በምን ስም እንደምትጠራ ሕግ አይደነግግም።

ሰብለን የታማኝነት ምሳሌ ብቻ አድርገው ለሚያስተምሩ መምህራን የምንለው አለን። በዛብህ ሲሞት እርሷ ትመነኩሳለች፤ ክብሯ ከአባት ወደ ወዳጅ፥ ከወዳጅም ወደ መቃብር ተላለፈ እንጂ በእጇ አልቀረም። ምንኩስናውን ራሷ መርጣዋለች የሚል ቢኖር አንከራከረውም፤ ደራሲው ግን ሌላ ምርጫ አላቀረበላትም። በዘመኑ ለብቻዋ የምታድር ሴት ምን ሠርታ ትኖር እንደ ነበር ሊጽፍልን በቻለ ነበር።

ይህን ነገር አስቀድማ ያነሣችው እኛ ሳንሆን የሱሉልታዋ ልጅ ናት። ከተማዋ በጎጃም መንገድ ላይ ያለች ናትና፥ ሰብለ በዚህ በኩል አልፋ አዲስ አበባ ገብታ ቢሆን ኖሮ ቤት የሚያከራያት ታገኝ ነበር ወይ ብላ ጠየቀች። ከጓደኞቿ መካከል አንዲቱ ሳቀች፤ ሌሎቹ ግን ስለ ኪራይ ይነጋገሩ ጀመር።