ሰውነት የምንለው ነገር

አማርኛችን «ሰውነት» ሲል ሁለት ነገር በአንድ ትንፋሽ ይናገራል። አንዱ ሥጋና ደሙ፣ አጥንትና ቆዳው፣ አጥበን የምናለብሰው አካላችን ነው። ሌላው ሰው መሆን ነው፤ ከሰው ተራ መቆጠር። «ሰውነቴን ቆረጣጠመኝ» የሚለው በሽተኛና «ሰውነቴን አትርሱብኝ» የሚለው የተገፋ ሰው የሚጠሩት ቃል አንድ ነው። ለመሆኑ አካሉ የከዳው ሰው ሰውነቱ የትኛው ነው? አካሉን የጠላ ሰው፣ ሰው መሆኑን መውደድ ይችላል ወይ?

ይህን ጥያቄ የቀሰቀሰብኝ «ኤ ዎክ ቱ ቢዩቲፉል» የተባለው ዘጋቢ ፊልም ነው። ርእሱን በአማርኛ «ወደ ውበት ጉዞ» ልንለው እንችላለን። እ.ኤ.አ. በ2007 ለእይታ የበቃውን ይህን ፊልም ያዘጋጁት ሜሪ ኦሊቭ ስሚዝና ኤሚ ቡቸር ናቸው። አምስት ኢትዮጵያውያት ሴቶችን ከገጠር መንደራቸው እስከ አዲስ አበባው የፊስቱላ ሆስፒታል ድረስ ይከተላል። በውጭ አገር ተወድሷል፤ ተሸልሟልም። «አሳዛኝ ነው» ብሎ ማለፍ ይቀላል። እኔ ግን ፊልሙ ከእንባ በላይ ክርክር የሚገባው ይመስለኛል።

ለማያውቀው አንባቢ ነገሩን በአጭሩ ላስረዳ። አዋላጅም ሐኪምም በሌለበት ምጥ ጠንቶ ቀናት ሲያስቆጥር፣ የሕፃኑ ራስ የእናቲቱን ፊኛ ከዳሌ አጥንቷ ጋር አጣብቆ ይጫነዋል፤ ደም እንዳይደርሰውም ያደርጋል። ደም ያልደረሰው ሥጋ ይሞታል፤ ሲወድቅም ቀዳዳ ይተዋል። ከዚያ በኋላ ሽንት፣ አንዳንዴም ዓይነ ምድር ያለ ፈቃድ ይፈሳል። ሕፃኑ አብዛኛውን ጊዜ ሞቶ ይወለዳል። ብዙዎቹ ሴቶች ልጃቸውን በቀበሩ ማግሥት ባላቸውን፣ ከዚያም ጎረቤቱን፣ ከዚያም ገበያውንና ቤተ ክርስቲያኑን ያጣሉ። አውስትራሊያዊቷ ዶክተር ካትሪን ሐምሊንና የኒውዚላንድ ተወላጁ ባለቤታቸው ዶክተር ሬጂናልድ ሐምሊን እ.ኤ.አ. በ1959 ወደ አገራችን መጥተው በልዕልት ፀሐይ ሆስፒታል ሲሠሩ የገጠማቸው ይህ ነበር። ለእነዚሁ ሴቶች ብቻ የሚሆነውን ሆስፒታል በ1974 ከፈቱ።

ፊልሙ በጣም የሚበረታው ርቀትን ሲያሳይ ነው። የመንገዱን ርቀት ብቻ ማለቴ አይደለም። ከባለታሪኮቹ አንዷ ከእናቷ ቤት በተጠጋች ደሳሳ ጎጆ ለብቻዋ ትኖራለች። ከእናቷ ደጃፍ እስከዚያች ጎጆ ያለው ጥቂት እርምጃ፣ ከመንደሯ አዲስ አበባ ድረስ ካለው መንገድ ይልቅ ይረዝማል። ካሜራው ይህንን ሲያሳይ አይጮህም፤ አይቸኩልም። ሴቶቹ በገዛ አፋቸው እንዲናገሩ ይተዋቸዋል፤ ዝም ሲሉም ዝምታቸውን አይቆርጥባቸውም። ይህ ትልቅ ጨዋነት ነው።

ቅሬታዬ የሚጀምረው ከርእሱ ነው። «ወደ ውበት ጉዞ» ሲባል ውበት ከመንገዱ ማዶ ተቀምጦ የሚጠብቅ ነገር ይሆናል። ሴቲቱ ቀድሞ ውብ አልነበረችም፤ ውብ የሚያደርጋት የሐኪም መቀስና ክር ነው እንደማለት ነው። የታሪኩም አካሄድ ይህንኑ ይከተላል፦ ሥቃይ፣ ጉዞ፣ ቀዶ ጥገና፣ በመጨረሻም አዲስ ቀሚስ። ሆስፒታሉ ድና ለምትወጣ ሴት አዲስ ልብስ መስጠቱ የተወደደ ልማድ ነው፤ የትኛውም ፊልም ሠሪ ይህን ትዕይንት አያልፈውም። ቢሆንም ቀሚሱ ታሪኩን ቶሎ ይዘጋዋል። ተመልካቹም እንባውን ጠርጎ «እሰይ፣ ዳነች!» ብሎ ይነሣል።

ፊልሙን ለሁለተኛ ጊዜ ያየሁት እዚሁ አቃቂ፣ ከግቢያችን ሴቶች ጋር ቡና ተፈልቶ ነው። ከመካከላቸው ዕድሜያቸውን በጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ የፈጁ፣ ጉልበታቸው እንደ ልብ የማይታጠፍላቸው፣ ሁላችንም እማማ የምንላቸው አንዲት አዛውንት ነበሩ። ቀሚሱ ሲመጣ ሌሎቹ አለቀሱ፤ እሳቸው አላለቀሱም። እሳቸው ያለቀሱት ቀደም ብሎ፣ ሴቶቹ በሆስፒታሉ አንድ ላይ ሆነው ሲታዩ ነበር።

«አየህ ልጄ፣ ከጎኗ ሰው ተቀመጠ» አሉኝ። «ገና ሐኪም ሳይነካት ዳነች እኮ!»

እኔ በብዙ ወረቀት ልለው የፈለግሁትን እማማ በአንድ ስኒ ቡና ጨረሱት። ሴቲቱ ከመንደሯ ስትነሣ እንዲህ ያለ መዓት የወረደባት በምድር ላይ እሷ ብቻ ትመስላታለች። ሆስፒታሉ ስትደርስ እንደ እሷ ያሉ ብዙዎችን ታገኛለች። የራሰ ቀሚስ የሁሉም ሲሆን ነውርነቱ ያልቃል። አካሏ ገና አልተለወጠም፤ የተለወጠው ዙሪያዋ ነው። ይህን ሁሉ ያሳየን ፊልሙ ራሱ ነው። ሆኖም ያገኘውን ዕንቁ ትቶ ወደ ቀሚሱ ይሮጣል።

ከአምስቱ አንዷ ደግሞ ተደጋጋሚ ቀዶ ጥገና ተደርጎላት እንኳ እንደ ጓደኞቿ አልዳነችም። በእኔ አስተያየት የፊልሙ እምብርት እሷ ናት። የቀሚሱ መደምደሚያ ለእሷ አይሆንም። እሷ ያገኘችው ሥራ ነው፤ ወላጅ ያጡ ሕፃናትን መንከባከብ። የታቀፈ ሕፃን፣ ያቀፈው ሰው አካል ሙሉ ይሁን ጎዶሎ አይመረምርም። ያልዳነ አካል ይዞ ሰው ሆኖ መኖር እንዴት እንደሚቻል የምታስተምረን ይህች ልጅ ናት። ካሜራው ከእሷ ጋር ጥቂት ሰንበት ቢል ምን ነበረበት?

ይህን የምለው ሜዳ ላይ ቆሜ አይደለም። ግራ እግሬ በልጅነት ልምሻ የቀጠነ ነው። ቃሊቲ መናኸሪያ አውቶቡስ ስሳፈር የሰው ዓይን የት እንደሚያርፍ አውቃለሁ። «ራስህን ተቀበል» የሚለኝ መካሪ ጠፍቶ አያውቅም። ምክሩ መልካም ነው፤ ነገር ግን መስተዋት ፊት ቆሞ ራስን እንደማባበል፣ ለብቻ የሚሠራ ሥራ አድርጎ ይሰጠኛል። ከእግሬ ጋር ያስታረቀኝ ግን መስተዋት አይደለም። ባልንጀሮቼ አንድም ቃል ሳይናገሩ እርምጃቸውን ከእርምጃዬ ጋር ማስተካከላቸው ነው።

የከተማ አንባቢም «ይህ የገጠር ሴቶች ጉዳይ ነው» ብሎ እንዳይዘናጋ። ከቃሊቲ ወደ አቃቂ በሚወስደው መንገድ ዳር የሴቶች ፀጉር ቤቶችን ማስታወቂያ ይመልከት። ከሥዕሉ ላይ የምትስቀው ሴት መልኳ ከሰፈራችን ሴቶች የፈካ፣ ፀጉሯም እንደ ሐር የተለቀቀ ነው። የሰላምታችንን ነገር ደግሞ አስቡት። «ምነው ከሳሽ? ታመሽ ነው እንዴ?» «ውይ፣ እንዴት ወፍረሻል!» ከ«እግዚአብሔር ይመስገን» ቀጥሎ የሚመጣው ይኸው ነው። የምንናገረው በፍቅር ነው። ቢሆንም በሌላው አካል እንደ ደቦ ማሳ ገብተን እናርምበታለን። ልጅቷ ማታ በሯን ዘግታ የምታሰላስለው ያንኑ ቃል ነው።

የፊልሙ ሌላው አደጋ ተመልካቹ ጥፋቱን ሁሉ በባሎቹ ላይ ጥሎ እንዲወጣ መንገድ መክፈቱ ነው። የባል ጭካኔም ሆነ ያለ ዕድሜ ጋብቻ ሐሰት አይደሉም። ዋናው ነገር ግን በሰዓቱ የሚደርስ አዋላጅና ቀዶ ሐኪም አለመኖሩ ነው። ኒው ዮርክም እ.ኤ.አ. በ1855 እንዲህ ያሉ ሴቶች የሚታከሙበት የሴቶች ሆስፒታል ከፍታ ነበር። መሥራቹ ዶክተር ማሪየን ሲምስ ሙያውን ያዳበረው አላባማ ውስጥ በባርነት የተያዙ ጥቁር ሴቶችን ያለ ማደንዘዣ ደጋግሞ በመቅደድ ነው፤ ሐውልቱም በ2018 ከሴንትራል ፓርክ ተነሥቷል። ዛሬ በዚያ አገር በምጥ ምክንያት የሚመጣ ፊስቱላ እምብዛም አይሰማም። የዚያ አገር ሴቶች አካል ከእኛ ሴቶች አካል ስለሚበልጥ ነውን? አይደለም፤ ሐኪሙ ስለቀረባቸው ነው። ይህን ማወቅ ለታማሚዋ ከመድኃኒት አያንስም። ጉድለቱ ከእሷ እንዳልሆነ ይነግራታልና። ፊልሙ በወጣበት በዚያው በ2007 የሐምሊን የአዋላጆች ኮሌጅ መከፈቱም ሐኪሞቹ ነገሩን ከሥሩ እንደተረዱት ያሳያል።

ከፊልሙ ወጣ ብዬ አንድ ምሳሌ ልጨምር። ወይዘሮ ማሚቱ ጋሼ በወጣትነታቸው በዚሁ ጉዳት ተይዘው ሐምሊኖች ዘንድ የመጡ፣ የትምህርት ቤት ደጃፍ ያልረገጡ የገጠር ሴት ነበሩ። ከታከሙ በኋላ ወደ መንደራቸው አልተመለሱም። በሆስፒታሉ ሲላላኩና ሲያግዙ፣ በዓይናቸው እያዩ በእጃቸው እየሞከሩ፣ በመጨረሻ ራሳቸው የፊስቱላ ቀዶ ሐኪም ሆኑ። ቢቢሲም በ2018 ከዓመቱ መቶ ሴቶች አንዷ አድርጎ ጠርቷቸዋል። እኚህን ሴት ውብ ያደረጋቸው የቱ ነው? የዳነው አካላቸው ወይስ አካላቸው ያስተማራቸው ነገር? እኔ ሁለቱን መለየት አልችልም።

ዶክተር ካትሪን እ.ኤ.አ. በ2020 አርፈዋል፤ ሆስፒታሉ ግን ሥራ ላይ ነው። ፊልሙም ከነጉድለቱ ይታይ እላለሁ፤ ቢቻል ለብቻ ሳይሆን ከጎረቤት ጋር፣ ወንዶችም ባሉበት። ስታዩት ቀሚሱ ጋ ለመድረስ አትቸኩሉ። አይታችሁ ስትጨርሱም ትምህርቱ ገብቶን እንደሆነ የሚፈተነው ማልቀሳችን ላይ አይደለም። አንድ ቀን ቃሊቲ መናኸሪያ ከደቡብ የመጣ አውቶቡስ ውስጥ፣ ሰው ሁሉ የሸሻት አንዲት ሴት ነጠላዋን ተከናንባ ተቀምጣ፣ ከጎኗ ያለው ወንበር ባዶ ሆኖ ስናገኘው ነው።