የሚያዳምጥ ፊት

«ሰባቱ ሳሙራዮች» በተባለው ፊልም ጃፓናዊው ተዋናይ ታካሺ ሺሙራ ለመጀመሪያ ጊዜ የሚታየው ወንዝ ዳር ተቀምጦ ራሱን ሲላጭ ነው። አንድ ሌባ ሕፃን ይዞ ጎተራ ውስጥ መሽጓል። ሺሙራ የሚጫወተው ካምቤይ የተባለ ጦረኛ ደግሞ መነኩሴ መስሎ ሊጠጋው አስቧል። ለሳሙራይ ቁንጮው ክብሩ ነው። የመንደሩ ሰው ከቦ የሚያየውም ለዚህ ነው። ካምቤይ ግን ለማንም ምክንያት አይሰጥም። ቁንጮው ይቆረጣል፤ ምላጩ በራሱ ላይ ያልፋል፤ ልብስ ከአንድ መነኩሴ ይዋሳል፤ ሁለት ድብልብል ሩዝ ይቀበላል፤ ወደ ጎተራው ይሄዳል። ግድያውን አናይም። የምናየው ሌባው ሮጦ ወጥቶ ሲወድቅ ነው።

ያ የተላጨ ራስ ፊልሙ እስኪያልቅ አብሮት ይኖራል። ካምቤይ ሲያስብ ወይም ሲያፍር መዳፉን አናቱ ላይ አድርጎ ያሻሸዋል። ፊልሙ 3 ሰዓት ከ27 ደቂቃ ይረዝማል። ምልክቱ ግን አይሰለችም፤ ሺሙራ በቦታው ብቻ ያወጣዋልና። በጦርነቱ መካከል እጁ ሥራ አለው፤ ራሱን አይነካም።

ታሪኩን የሚያንቀሳቅሰው እህል ነው። ሽፍቶቹ መንደሩን ከኮረብታ ያዩና ገብሱ እስኪደርስ ይተዉታል። ወልድያ ዙሪያ የደጋውን ኑሮ የሚያውቅ ሰው ይህ ስሌት አይጠፋውም፤ አጫጁና ቀማኛው የሚጠብቁት አንድ ቀን ነው። ገበሬዎቹ ጦረኛ ፍለጋ ከተማ ሲወጡ ለእንግዳ ሩዝ ያቀርባሉ፤ ለራሳቸው ከሩዝ የወረደ እህል ይበላሉ። ካምቤይ በመጀመሪያ አይሆንም ብሏል። አብሯቸው ያደረ የቀን ሠራተኛ ይህን ነግሮት የሩዙን ሳህን ሲያቀርብለት ሐሳቡን ይለውጣል። የሺሙራ ሥራ እዚህ ላይ ትንሽ ናት፦ ሳህኑን ይቀበላል፣ ከፍ አድርጎ ይይዘዋል። ንግግሩ ከዚያ በኋላ ይመጣል፤ እሱም አጭር ነው። ተመልካቹ ውሳኔውን ከቃሉ በፊት ከእጁ ሰምቶታል።

በዚህ ፊልም ሺሙራ የጦረኞቹ አለቃ ነው። የሚሠራው ግን የደጋፊ ተዋናይ ሥራ ነው። ሌላው ተዋናይ ቶሺሮ ሚፉኔ ይዘላል፣ ይጮኻል፣ ይወድቃል። ይህ ሁሉ እንቅስቃሴ መለኪያ የሚያገኘው አጠገቡ ያልተነቃነቀ ሰው ስላለ ነው። ያን ሰው ከፊልሙ አውጡት፤ ሚፉኔ ሁከት ብቻ ይሆናል።

ሺሙራ የተወለደው እ.ኤ.አ. በ1905 የብር ማዕድን ይወጣባት በነበረችው በኢኩኖ ነው። በወጣትነቱ ኦሳካ ከተማ ውኃ መሥሪያ ቤት እየሠራ ማታ ዩኒቨርሲቲ ይማር ነበር። ቴአትር ሁለቱንም አስተወው። ከ«ሰባቱ ሳሙራዮች» ዳይሬክተር ከአኪራ ኩሮሳዋ ጋር የተገናኙት በ1943 በ«ሳንሺሮ ሱጋታ» ነው። እዚያ በ38 ዓመቱ ወጣቱን የሚገጥም አንጋፋ ታጋይ ሆነ። ኩሮሳዋ ከሠራቸው 30 ፊልሞች ሺሙራ በ21ዱ አለ። ዓለም የኩሮሳዋ ተዋናይ አድርጎ የሚያውቀው ሚፉኔ እንኳን ያለው በ16ቱ ነው።

ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ የተሰጡት ሰዎች በሙያም በጠባይም ይለያያሉ፦ በ1948 ጠጪ ሐኪም፣ በ1949 አዛውንት መርማሪ ፖሊስ፣ በ1950 በ«ራሾሞን» እንጨት ቆራጭ። በ1952 በ«መኖር» ዋናውን ሚና አገኘ፤ በሆድ ካንሰር ሊሞት የቀረበ የማዘጋጃ ቤት ኃላፊ። ሺሙራ 47 ዓመቱ ነበር፤ የሚታየው ግን ከዚያ በእጅጉ ያረጀ ሰው ነው። እርጅናውን የሠራው በጎበጠ ትከሻ፣ በማይርገበገብ ዓይንና ከጉሮሮ በጭንቅ በሚወጣ ድምፅ ነው። በ1954 ሚያዝያ ላይ «ሰባቱ ሳሙራዮች» ታየ። በዚያው ዓመት ኅዳር ደግሞ በ«ጎድዚላ» አውሬው ከሚገደል ቢጠና ይሻላል የሚለው ሳይንቲስት እሱው ነበር። ጎራዴውን ማስቀመጡ ብቻ አይደለም፤ አረማመዱም ሌላ ነው።

እኔ ግን አብልጬ የምወደው በ1955 የተሠራውንና ብዙ የማይነሣውን «በፍርሃት እኖራለሁ»ን ነው። ሚፉኔ በ35 ዓመቱ ሰባ የደረሰ የብረት ማቅለጫ ባለቤት ሆኗል። አዛውንቱ የአቶሚክ ቦምብ ስለሚፈሩ ቤተሰባቸውን ሁሉ ይዘው ብራዚል ሊሰደዱ ይፈልጋሉ። ልጆቻቸው ንብረት እንዳያዙ ይታገዱልን ብለው ፍርድ ቤት ይሄዳሉ። ሺሙራ ከሸምጋዮቹ አንዱ ነው፤ ሐራዳ የሚባል የጥርስ ሐኪም።

በወሎ አበጋር ሲሸመግል ያየ ሰው ይህን ሚና ወዲያው ይለየዋል። ሁለቱም ወገን ይጮኻል፤ ሸምጋዩ ዝም ብሎ ይሰማል። ሐራዳ ከቤተሰቡ ጋር አይወግንም፤ ለአዛውንቱም አይፈርድላቸውም። ፊቱ ላይ የሚካሄደው ሌላ ነገር ነው፦ ሰውየው ልክ ከሆኑስ? ይህ ጥያቄ በአንድ ጊዜ አይመጣም። ፍርዱ አዛውንቱን ከረታቸው በኋላም አይለቀውም። መጨረሻ ላይ ሐራዳ አዛውንቱን ሊጠይቃቸው የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል ይሄዳል። እሳቸው በመስኮት ፀሐይዋን አይተው ምድር እየተቃጠለች ነው ብለው ይጮኻሉ። ሺሙራ መልስ የለውም። ይሰማል፣ ይወጣል፣ በተዳፋቱ መተላለፊያ ቀስ ብሎ ይወርዳል።

እንዲህ ያለ ሚና ሽልማት አያመጣም። የሚፉኔ ሽበትና ቁጣ ለዓይን ይቀርባል፤ የሐራዳ ጥርጣሬ ግን እንዲታይ ተመልካቹ መፈለግ አለበት። ሆኖም ፊልሙ የቆመው በእሱ ላይ ነው። ሐራዳ ባይጠራጠር ኖሮ አዛውንቱ እብድ ብቻ ሆነው ይቀሩ ነበር።

ከ1960ዎቹ ጀምሮ ሚናዎቹ እያነሱ ሄዱ። የመጨረሻው የኩሮሳዋ ሥራው የ1980ው «ካጌሙሻ» ነው። ለውጭ አገር በተሰናዳው እትም የእሱ ክፍል ተቆርጦ ወጥቷል። ሺሙራ በየካቲት 1982 በ76 ዓመቱ አረፈ። «በፍርሃት እኖራለሁ»ን ካገኛችሁት ሁለት ጊዜ እዩት፤ በሁለተኛው ሚፉኔ ሲናገር ዓይናችሁን ሺሙራ ላይ አድርጉ።