ሦስት ድንጋይ፣ አንድ ኢቪ፦ በፖክሞን ጨዋታ የምርጫ ክብደት ከየት ይመነጫል?

1. መንደርደሪያ

«የሥነ ጽሑፍን ተማሪ ከቪዲዮ ጨዋታ ጋር ምን አገናኘው?» የሚል አንባቢ እንደሚኖር ይገመታል። መልሱ ግን ሩቅ አይደለም። በሥነ ቃል ትምህርት እንቆቅልሽን ስናጠና የምናጠናው ጨዋታን ነው። ጠያቂው «እንቆቅልሽ» ይላል፤ ተጠያቂው «ምን አውቅልህ» ብሎ ይቀበላል፤ መልሱ ከጠፋበት አገር ይሰጣል። ሕግ አለው፤ ተራ አለው፤ የሚከፈል ዋጋ አለው። ተጠያቂውም ዝም ብሎ የሚያዳምጥ ሳይሆን የክዋኔው ተካፋይ ነው። እሱ ካልመለሰ ወይም አገር ካልሰጠ ክዋኔው ወደፊት አይራመድም። የቪዲዮ ጨዋታም በዚህ ረገድ የእንቆቅልሽ የሩቅ ዘመድ ነው፤ ተደራሲው እጁን ካላስገባበት ታሪኩ ባለበት ይቆማል።

ይህ መጣጥፍ የሚመለከተው ተጫዋቹ ልዩ ልዩ ፍጡራንን እየያዘ የሚያሰባስብበትን፣ የሚያሳድግበትንና ከሌሎች ጋር የሚያጋጥምበትን የጨዋታ ዓይነት ነው። ፍጡራኑ ሲበረቱ መልካቸው ይለወጣል። አብዛኞቹ የሚለወጡት በአንድ መንገድ ብቻ ነው። ጥቂቶቹ ግን ሁለት፣ ሦስት፣ ከዚያም በላይ መንገድ ይጠብቃቸዋል፤ በአንዱ ከሄዱ በሌላው መሄድ አይችሉም። ለመሆኑ እንዲህ ያለ ምርጫ ክብደት የሚያገኘው ከምንድን ነው? የዚህ ጽሑፍ አቅራቢ እምነት የምርጫው ክብደት ከቅርንጫፎቹ ብዛት አይመነጭም፤ አንዱ ሲያዝ ከእጅ ከሚወጣው ነገር ይመነጫል የሚል ነው። ይህንንም በአንድ ፍጡር ታሪክ ለማሳየት ይሞከራል።

2. አንዱ ፍጡርና ሦስቱ መንገዶች

ፖክሞን «ቀይ» እና «አረንጓዴ» በተባሉ ሁለት ቅጂዎች ለመጀመሪያ ጊዜ በጃፓን ለሽያጭ የቀረበው እ.ኤ.አ. በ1996 ነው። ያዘጋጀው ጌም ፍሪክ የተባለው ድርጅት፣ ለገበያ ያቀረበው ኒንቴንዶ፣ መጫወቻውም በእጅ የሚያዘው ጌም ቦይ ነበር። የሐሳቡ አመንጪ ሳቶሺ ታጂሪ በልጅነቱ ነፍሳትን እየያዘ ያሰባስብ ነበር። ይህ ለትንተናችን የሚናቅ መረጃ አይደለም። በጨዋታው «ዝግመተ ለውጥ» የሚል ስም የተሰጠው ነገር በሥነ ሕይወት ትምህርት በዚህ ስም የምናውቀው አይደለም። ዝግመተ ለውጥ በብዙ ትውልድ ውስጥ በዝርያ ላይ የሚደርስ ነው። በፖክሞን የሚታየው ግን አንድ ፍጡር በገዛ ዕድሜው የሚያልፍበት፣ አባጨጓሬ ቢራቢሮ የሚሆንበት ዓይነት ለውጥ ነው። ስለዚህ ከፊታችን ያለው የዝርያ ታሪክ ሳይሆን የአንድ ግለሰብ ታሪክ ነው፤ በሃያሲ ቋንቋ የገፀ ባሕርይ ዕድገት ልንለው እንችላለን።

በመጀመሪያው ጨዋታ ከተካተቱት 151 የፍጡር ዓይነቶች መካከል ከአንድ በላይ መንገድ የተሰጠው ኢቪ ብቻ ነው። ኢቪ እንደ ሌሎቹ በየሣሩ መካከል አይገኝም። ሴላደን በተባለችው ከተማ ወደ አንድ ሕንፃ በጓሮ በር ገብቶ እስከ ላይ የወጣ ተጫዋች ጠረጴዛ ላይ ያገኘዋል፤ የሚያገኘውም አንድ ብቻ ነው። በዚያችው ከተማ ትልቅ መደብር ደግሞ ከሌሎች ዕቃዎች ጋር የውሃ፣ የመብረቅና የእሳት ድንጋይ ይሸጣሉ። ዋጋቸው እኩል ነው፤ እያንዳንዳቸው በጨዋታው ገንዘብ 2100 ያወጣሉ። ኢቪ የውሃውን ድንጋይ ካገኘ ቬፖሪዮን፣ የመብረቁን ካገኘ ጆልቲዮን፣ የእሳቱን ካገኘ ፍላሪዮን ይሆናል። ከዚያ በኋላ ወደ ኢቪነት መመለስ የለም።

የሦስቱን የተፈጥሮ አቅም የሚወስኑትን አኃዞች ጎን ለጎን ስናስቀምጣቸው የአዘጋጆቹ ዕቅድ ይገለጣል። በዚያ ጨዋታ እያንዳንዱ ፍጡር በአምስት ነገር ይለካል፤ እነሱም የሕይወት ነጥብ፣ ጥቃት፣ መከላከል፣ ፍጥነትና ልዩ ኃይል ናቸው። ሦስቱም በመከላከል 60፣ በልዩ ኃይል 110 አላቸው። ከቀሩት ሦስት መለኪያዎች ደግሞ በአንዱ 130፣ በሁለቱ 65 ይይዛሉ። የ130ው ዕድል ለቬፖሪዮን በሕይወት ነጥብ፣ ለጆልቲዮን በፍጥነት፣ ለፍላሪዮን በጥቃት ወጥቶለታል። ድምሩ ለሦስቱም 430 ነው። በሌላ አነጋገር ለአንዱ በአንድ ነገር እጥፍ የተሰጠው በሌሎቹ ሁለት ነገሮች እጥፉን በመንፈግ ነው።

የዚህ ድልድል ትርጉም ምንድን ነው? መልካሙን ከመጥፎው መለየት ማወቅን እንጂ መምረጥን አይጠይቅም። በልቦለድም ቢሆን የገፀ ባሕርይው ውስጣዊ ግጭት የሚበረታው ሁለቱም መንገድ በየፊናው ተገቢ ሲሆን ነው። ኢቪን የያዘ ተጫዋች የተሻለውን ፈልጎ አያገኝም፤ የሚያገኘው የተለየውን ነው። ጽኑውን ወይም ፈጣኑን ወይም ብርቱውን ይወስዳል፤ ሁለቱንም ሆነ ሦስቱን በአንድነት አይወስድም። ኢቪም አንድ ብቻ ስለሆነ ያልመረጣቸው ሁለቱ በዚያ ጨዋታ ውስጥ በራሱ ጥረት ዳግመኛ አያገኛቸውም።

እዚህ ላይ አንድ ተቃውሞ ሊነሳ ይችላል። ተጫዋቹ የደረሰበትን ከመመዝገቡ በፊት መሣሪያውን ቢያጠፋው ኢቪ እንደነበረ ይገኛል፤ ስለዚህ ሦስቱንም አይቶ መምረጥ ይችላል የሚል ነው። እውነት ነው። ነገር ግን ይህ የልቦለድን መጨረሻ ገልጦ ቀድሞ እንደማየት ያለ ነገር ነው። የወደፊቱን ያሳውቃል እንጂ ሦስቱንም የአንድ ታሪክ መጨረሻ አያደርጋቸውም። መጫወቻው ላይ የሚመዘገበው ታሪክ አንድ ነው፤ በመጨረሻ አንዱ ተመዝግቦ ሁለቱ ይቀራሉ።

3. የፍላሪዮን ነገር

እስካሁን የተባለው ሁሉ አዘጋጆቹን የሚያስመሰግን ነው። ይሁን እንጂ ሃያሲ ሊያልፈው የማይገባ ጉድለት አለ፤ እሱም በፍላሪዮን ላይ የደረሰው ነው። በ1996ቱ ሕግ የአንድ ጥቃት ጉልበት በየትኛው አኃዝ እንደሚሰላ የሚወሰነው በጥቃቱ ባሕርይ ነበር። የእሳት፣ የውሃና የመብረቅ ጥቃቶች በሙሉ የሚሰሉት በልዩ ኃይል ነው። የፍላሪዮን መለያ የሆነው 130 ግን የተሰጠው በጥቃት ነው። ስለዚህ የእሳቱ ፍጡር እሳቱን በሚተፋበት ጊዜ ትልቁ ሀብቱ አያገለግለውም። የቬፖሪዮን የሕይወት ነጥብና የጆልቲዮን ፍጥነት ግን በማንኛውም ፍልሚያ ይጠቅማሉ።

በወረቀት ላይ እኩል የነበረው ድልድል በተግባር እኩል ሳይሆን ቀረ ማለት ነው። ጥቃቶች በየግላቸው እንዲመደቡ ሕጉ የተሻሻለው በ2006 «ዳይመንድ» እና «ፐርል» ሲወጡ ነው። ያኔም ቢሆን ፍሌር ብሊትዝ የተባለው፣ በጥቃት አኃዝ የሚሰላው ጠንካራ የእሳት ምት ለፍላሪዮን አልተሰጠውም። እስከ 2013 ድረስ መጠበቅ ነበረበት።

ጨዋታው የአቅም አኃዞቹን ድልድል አስቀድሞ ለተጫዋቹ አያሳየውም። የእሳቱን ድንጋይ የገዛ ልጅ የሚያውቀው ስሙንና ዋጋውን ነው። ዋጋው ከሌሎቹ ጋር እኩል ስለሆነ የሚያገኘውም እኩል ነው ብሎ ቢያምን ሊወቀስ አይገባውም። በሥነ ጽሑፍ ትችት አንድ መጥፎ ፍጻሜ ተገቢ ነው የምንለው ከቀደሙት ድርጊቶች የመነጨ ሲሆን ነው። ደራሲው መረጃውን ደብቆ፣ ምንም ፍንጭ ሳይሰጥ ያመጣው ከሆነ ግን የትልም ጉድለት ነው እንላለን። የፍላሪዮን ዕጣ ከዚህኛው ወገን ይመደባል። አንድ ሥራ «ምረጥ» ካለ የሚመረጠውን የማሳየት ግዴታ አለበት።

4. ምርጫ፣ ዕጣና ፍርድ

መደበቅ ሁልጊዜ ጉድለት ነው ማለት ግን አይደለም። በ2002 በወጡት «ሩቢ» እና «ሳፋየር» ወርምፕል የተባለ ትል አለ። 7ኛ ደረጃ ላይ ሲደርስ ሲልኩን ወይም ካስኩን ይሆናል፤ ከዚያም ሲልኩን ቢዩቲፍላይ ወደተባለ ቢራቢሮ፣ ካስኩን ደስቶክስ ወደተባለ የእሳት እራት ይለወጣል። የትኛው እንደሚሆን የሚወስነው ፍጡሩ ሲገኝ አብሮት የተመደበ፣ ለተጫዋቹ የማይታይ ቁጥር ነው። ተጫዋቹ ምንም ቢያደርግ አይለውጠውም። እዚህ የተደበቀ ነገር አለ፤ የተታለለ ሰው ግን የለም። ወርምፕል ዕጣ እንጂ ምርጫ ሆኖ አልቀረበምና።

በሁለቱ መካከል ሦስተኛ መንገድ አለ። በ1999 «ወርቅ» እና «ብር» በተባሉት ጨዋታዎች የመጣው ታይሮግ 20ኛ ደረጃ ላይ ሲደርስ ጥቃቱ ከመከላከሉ ከበለጠ ሂትሞንሊ፣ መከላከሉ ከበለጠ ሂትሞንቻን፣ ሁለቱ እኩል ከሆኑ ሂትሞንቶፕ ይሆናል። ባንዳይ በ1997 ያወጣው ዲጂታል ሞንስተር የተባለ መጫወቻም ከዚሁ ይመደባል፤ ፍጡሩ ወደፊት የሚሆነውን የሚወስነው ባለቤቱ ስንት ጊዜ ቸል እንዳለውና ምን ያህል እንዳሠለጠነው ነው። በእነዚህ ውስጥ የውሳኔ ቅጽበት የለም፤ ያለው የኑሮ ድምር ነው። ውጤቱም ፍርድ ይመስላል። በትልም ረገድ ካየነው ይህ ከድንጋዩ የተሻለ ነው፤ ፍጻሜው ከውጭ በተገዛ ዕቃ አልመጣም፤ ከገፀ ባሕርይው የቀደመ ሕይወት ወጣ እንጂ።

5. ቅርንጫፍ ሲበዛ

የኢቪም ታሪክ ወደዚሁ አቅጣጫ አደገ። በ1999 ሁለት መንገድ ተጨመረለት፤ ተጫዋቹን የወደደ ኢቪ በቀን ደረጃው ከፍ ቢል ኤስፒዮን፣ በሌሊት ከሆነ አምብሪዮን ይሆናል። በ2006 ሊፊዮንና ግሌሲዮን መጡ፤ በ2013 ሲልቪዮን ሲታከል መንገዶቹ ስምንት ደረሱ። ድንጋይ ከመግዛት ይልቅ ፍቅርና ሰዓት ምክንያት መሆናቸው ለታሪኩ ጥልቀት ሰጥቶታል። ነገር ግን በዚያው በ1999 ፍጡራን እንቁላል እንዲጥሉ ተደረገ። አንድ የነበረው ኢቪ ከዚያ ወዲህ የተፈለገውን ያህል ሊፈለፈል ቻለ። ሦስት መንገድና አንድ ኢቪ የነበረው ተጫዋች ስምንት መንገድና ስምንት ኢቪ አገኘ። ያኔ ጥያቄው «የትኛው ይሁን?» መሆኑ ቀርቶ «የትኛው ይቅደም?» ሆነ። የቀድሞው ጥያቄ ምርጫ ነው፤ የኋለኛው ቅደም ተከተል ነው።

በዚህ ሁሉ መካከል አንድ ያልተጠየቀ አካል አለ፤ እሱም የሚለወጠው ፍጡር ራሱ ነው። በደረጃ ዕድገት የሚመጣን ለውጥ ተጫዋቹ አንድ ቁልፍ ተጭኖ ሊያስቆመው ይችላል። ድንጋይ ሲሰጠው ግን ኢቪ አንዴም እንቢ አይልም። በ1998 በጃፓን የወጣው «ቢጫ» ግን የተለየ ነገር ያሳየናል። ከተጫዋቹ ኋላ ኋላ የሚከተለው ፒካቹ የመብረቅ ድንጋይ ሲቀርብለት አሻፈረኝ ይላል፤ አይለወጥም። ሌሎቹ የደራሲውንና የተጫዋቹን ፈቃድ ሲፈጽሙ ፒካቹ የራሱ ፈቃድ ያለው ገፀ ባሕርይ ሆኖ የሚቆመው በዚህች አንዲት እንቢታ ነው።

6. ማጠቃለያ

ከላይ ለማሳየት እንደተሞከረው ድንጋዩ ከትልም አንፃር ደካማው ምክንያት ነው፤ የፍላሪዮንም ጉድለት ሊስተባበል አይችልም። ያም ሆኖ በዚህ ጽሑፍ አቅራቢ አስተያየት የ1996ቱ ኢቪ ኋላ ከመጡት ሁሉ የበለጠ ክብደት ያለው ምርጫ ነው። የሚያስቀረው ነገር ስላለ ነው።

የቀረው ነገር የት እንዳለም መርሳት አይገባም። ጌም ቦይን ከጌም ቦይ የሚያገናኝ ገመድ ነበር፤ ታጂሪም የጨዋታውን ሐሳብ ያገኘው ነፍሳት በዚህ ገመድ ላይ ከአንዱ መሣሪያ ወደ ሌላው ሲሄዱ በዓይነ ሕሊናው ታይተውት እንደሆነ ይታወቃል። ጆልቲዮንን የመረጠ ልጅ ቬፖሪዮንን ማየት ቢያምረው ቬፖሪዮንን የመረጠ ሌላ ልጅ መፈለግ ነበረበት። ከአንዱ እጅ የወጣው መንገድ ከሌላው ሰው ዘንድ ይገኝ ነበር። በእንቆቅልሽም ያልታወቀው መልስ የሚገኘው ከባልንጀራ አፍ ነው፤ ስለዚህ አገር ይሰጣል። እንቁላሉ ከመጣ በኋላ ተጫዋቹ ስምንቱንም ብቻውን ሊይዛቸው ቻለ፤ አገር የሚሰጠው ሰው ግን አላስፈለገውም።