የአውሎስ ድምፅ፤ የተለካውና የተገመተው

በ1ኛ ቆሮንቶስ ምዕራፍ 14 ቁጥር 7 ላይ ሐዋርያው ጳውሎስ በግሪክኛ «አውሎስ» ያለውን መሣሪያ የአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ «ዋሽንት» ይለዋል። ትርጉሙ ለአንባቢ ይቀላል፤ ሁለቱ መሣሪያዎች ግን በአሠራር ይለያያሉ። ዋሽንት የሚጮኸው ትንፋሽ የአፉን ጠርዝ ሲመታ ነው። አውሎስ ግን ድምፅ የሚሰጠው በጫፉ ላይ የተሰኩት ሁለት ቀጫጭን የሸምበቆ ምላሶች በከንፈር መካከል ሲንቀጠቀጡ ነው። ነፊውም ሁለት ቧንቧዎችን ባንድ ጊዜ ይነፋል።

በፓሪስ ከተማ በሉቭር ቤተ መዘክር ከግብፅ የመጣ ጥንድ አውሎስ አለ። ሮቢን ሃውል ከተመራማሪዎች ጋራ ሆኖ አምሳያውን ሠራ። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2017 ዓ.ም. በኦክስፎርድ፣ በዴልፊ በድንጋይ ላይ የተቀረጸውና በ1893 የተገኘው የአቴናዮስ መዝሙር በአውሎስ ታጅቦ ተዘመረ። ድምፁ ብርቱና የሚነዝር ነው፤ አውሎስን እንደ እረኛ ዋሽንት ለስላሳ አድርጎ ለሚያስብ ሰው በቂ መልስ ይሰጣል። ይህ የሥራው ትልቅ ዋጋ ነው።

ነገር ግን «የጥንት ግሪክን ድምፅ ሰማን» ማለት ይገባናልን? እኔ አይመስለኝም። የቧንቧው ርዝመትና የቀዳዳዎቹ ርቀት ይለካሉ፤ ሸምበቆው ግን ቶሎ የሚበሰብስ ነውና ሠሪው በግምት ይተካዋል። የቀዳዳው ቦታ ሳይለወጥ የሸምበቆው ርዝመት፣ ውፍረቱና የከንፈር ጭነት ብቻ ቢለወጡ ዜማው ከፍ ወይም ዝቅ ይላል።

ይህንም ጥንታውያን ራሳቸው ያውቁት ነበር። ቴዎፍራስጦስ ስለ ዕፀዋት በጻፈው መጽሐፍ በቦዮትያ፣ በኦርኮሜኖስ አጠገብ ባለው ሐይቅ ስለሚበቅለው ሸምበቆ ይተርካል። እርሱ እንደሚለው ሸምበቆው ቀድሞ የሚቆረጠው በመስከረም ገደማ ነበር፤ ከአንቲጌኒዳስ ወዲህ ግን አነፋፉ ስለ ረቀቀ በበጋው አጋማሽ ይቆረጥ ጀመር። እንግዲህ የአነፋፍ ስልት ሲለወጥ ሸምበቆውም ተለውጧል። ታዲያ አምሳያው የየትኛውን ዘመን ድምፅ ነው የሚያሰማን?

ይህን የምለው ሥራውን ለማቃለል አይደለም። አምሳያ መሥራት እንደ ጥሩ ድርሰት የሚያከራክር ሐሳብ ማቅረብ ነው። ስለዚህ ሠሪዎች የቧንቧውን ልክ እንደሚያስታውቁ ሁሉ የሸምበቆውን ርዝመት፣ ውፍረትና የተቆረጠበትን ወራት አብረው ቢገልጹ አድማጩ የተለካውን ከተገመተው ይለያል። ግምት ነውር የለበትም፤ ነውሩ ግምትን እንደ ማስረጃ ማቅረብ ነው።