የቢሊቢን ሐረግ

እ.ኤ.አ. በ1905 ከታተመው የፑሽኪን «የዛር ሳልታን ተረት» ሥዕሎች አንዱ ባሕርን ያሳያል። እናትና ሕፃን የታሸጉበት በርሜል በከዋክብት ሥር በማዕበል ይንገላታል። በርሜሉ ትንሽ ነው፤ ገጹን የያዘው ውሃው ነው። የማዕበሉ ጫፍ እንደ ጣት ተቆልምሟል፤ ዙሪያውም በጥቁር መስመር ተከብቧል። አሣሣሉ ከጃፓናዊው ሆኩሳይ የተቀዳ ነው፤ ሠዓሊው ኢቫን ቢሊቢንም ይህን ሊሸሽግ የፈለገ አይመስልም። ይሁንና ገጹን ያየ ሁሉ ሩሲያዊ ነው ከማለት አያመነታም። ምክንያቱ ምን ይሆን?

እኛ ፑሽኪንን የምናነሣው በአብዛኛው በቅድመ አያቱ በአብራም ሃኒባል በኩል ነው። ሃኒባል የሐበሻ ልጅ ነው በሚሉና ትውልዱን ከቻድ ሐይቅ በስተደቡብ ወደምትገኘው ሎጎን በሚወስዱ ተመራማሪዎች መካከል ክርክሩ ዛሬም አልተዘጋም፤ አዲስ አበባ ግን በባለቅኔው ስም አደባባይ ሰይማለች። ስለ ዘር ሐረጉ ብዙ ተብሏል። ተረቶቹን ለልጆች ዓይን ያበቃው ሰው ግን ከእኛ ዘንድ እምብዛም አይታወቅም።

ቢሊቢን በ1876 በፒተርስበርግ አቅራቢያ ተወለደ። በዩኒቨርሲቲ ሕግ አጠና፤ ጎን ለጎንም ከኢሊያ ሬፒን ዘንድ ሥዕል ተማረ። በ1899 በትቬር ግዛት ወደሚገኝ አንድ መንደር ሄዶ የተረት ሥዕሎቹን ጀመረ። የመንግሥትን የገንዘብ ኖት የሚያትመው ማተሚያ ቤትም ከ1901 እስከ 1903 ስድስት ቀጫጭን የተረት መጻሕፍት አወጣለት። በ1902 እና በ1904 መካከል ደግሞ ለፒተርስበርግ ሙዚየም ወደ ሰሜን፣ ወደ ቮሎግዳና ወደ አርሃንጌልስክ እየተጓዘ ጥልፍና የገበሬ ዕቃ ሰበሰበ፤ ከእንጨት የታነጹ አብያተ ክርስቲያናትንም ፎቶግራፍ አነሣ። የመጀመሪያዎቹን ሥዕሎችና «ሳልታን»ን ጎን ለጎን ያስቀመጠ ሰው የጉዞውን ፍሬ ያያል። በኋለኛው የቀሚሱ ጥልፍም ሆነ የጣሪያው ቅርጽ በግምት የተሣለ አይደለም። የጃፓኑ ማዕበል የሩሲያውን ገጽ ሊያሰጥም ያልቻለውም ለዚህ ነው።

አሠራሩ ትዕግሥት ይጠይቃል። በእርሳስ ይነድፋል፤ ንድፉን ወደ ወፍራም ወረቀት ይገለብጣል፤ መስመሩን በብሩሽና በጥቁር ቀለም ያወጣል፤ በመጨረሻ መካከሉን ጥላ በሌለው የውሃ ቀለም ይሞላል። እጁ ባለመንቀጥቀጡ «ብረት እጁ ኢቫን» የሚል ቅጽል ወጥቶለት ነበር። የብራና መጻሕፍታችንን ላገላበጠ አንባቢ ይህ ገጽ ባዕድ አይሆንበትም፤ ጥቁሩ መስመር፣ ጥላ የለሹ ቀለም፣ ዙሪያውን የሚጠመጠመው ሐረግ ሁሉ የሚያውቀው ነው። ልዩነቱ የእኛ ጸሐፊ ሐረጉን አብዛኛውን ጊዜ በምዕራፍ ራስ ላይ አኑሮ መነሻን ሲያመለክትበት፣ ቢሊቢን ሥዕሉን በአራቱም ወገን ማጠሩ ነው።

እዚህ ላይ ከአድናቂዎቹ እለያለሁ። አጥሩ አንዳንዴ ሕፃኑን ከውጭ ያስቀረዋል። የነገሥታቱ ካባ ከነገሥታቱ ፊት ይልቅ ነፍስ አለው፤ ሰዎቹ ሲቆጡም ሲያዝኑም ልብሳቸው እንዳይጨማደድ የሚጠነቀቁ ይመስላሉ። በ1925 ቭላዲሚር ሌቤዴቭ ለማርሻክ «ሰርከስ» የሣለውን ያየ ሰው፣ በነጭ ወረቀት ላይ ጥቂት ቅርጾች ብቻ ምን ያህል ልጅን እንደሚያስቁ ይረዳል። ቢሊቢን አያስቅም።

ቢሆንም እኛ የጎደለን የሌቤዴቭ ጨዋታ ብቻ አይደለም፤ የቢሊቢን ድካምም ነው። በ1913 ባለቅኔው ኒኮላይ ጉሚልዮቭ በዚሁ በጅቡቲ ወደብ ወርዶ ወደ ሐረር ያቀናው ለፒተርስበርግ ሙዚየም የአገራችንን ዕቃ ሊሰበስብ ነበር። ባዕዱ መልቀም የሚገባው መሆኑን ያወቀውን፣ የእኛ የተረት መጻሕፍት ሠዓሊ ስንት ጊዜ ቀርቦ አየው? ካየኋቸው የአማርኛ የልጆች መጻሕፍት በብዙዎቹ የንጉሡ ዘውድ ከአውሮፓ የመጫወቻ ካርታ የተወሰደ ነው፤ የሐረር ሰፌድ ቀለም ወይም የጥበብ ቀሚስ ጥለት በትክክል ተሥሎ አይገኝም። ዋራበሌ ውስጥ በትምህርት ቤት ፈረንሳይኛ፣ በቤት አማርኛ ለሚሰማ ልጅ ግን አያቱ የምትተርክለትን አገር መልክ የሚያሳየው ይህ ገጽ ነበር።

ስደት ቢሊቢንንም ፈትኖታል። በ1920 በመርከብ ወደ እስክንድርያ ተሻገረ፤ በካይሮ ለግሪክ ማኅበረሰብ አብያተ ክርስቲያናት በቢዛንታይን ስልት ይሥል ነበር። ከ1925 ጀምሮ በፓሪስ ኖረ። በ1931 በዚያው የታተመው የፈረንሳይኛው «የኢዝባ ተረቶች» እጁ አለመዛሉን ያሳያል፤ ለእኔ ግን ጌጡ ከትዝታ የተቀዳ፣ ራሱን የሚደግም ሆኖ ይታየኛል። በ1936 ወደ ሌኒንግራድ ተመልሶ በሥነ ጥበብ አካዳሚ አስተማረ። ጀርመኖች ከተማዋን ሲከቡ ውጣ ቢባልም አልወጣም። በ1941 የጥንቱን ጀግና የዱክ ስቴፓኖቪችን ታሪክ እየሣለ ነበር፤ የካቲት 7 ቀን 1942 (እ.ኤ.አ.) በረሃብ ሞተ፤ ከአካዳሚው መምህራን ጋር በአንድ የጋራ መቃብር ተቀበረ።