ያላነበቡትን የሚጠብቁ፦ ስም፣ ምልክትና ምስጢር በ«የአቱዋን መቃብሮች»

በግእዝ «አስማት» ማለት ስሞች ማለት ነው፤ የ«ስም» ብዙ ቁጥር ነው። ቃሉ ወደ አማርኛ ሲገባ ትርጉሙ ጠቆረ። ዛሬ «አስማተኛ» ሲባል ብዙዎቻችን የምናስበው ሊሸሹት የሚገባ ሰው ነው። አሜሪካዊቷ ደራሲ ኡርሱላ ለ ጉዊን (1929–2018 እ.ኤ.አ.) «ኧርዝሲ» ብላ በፈጠረችው የደሴቶች ዓለም ግን አስማት የግእዙን ትርጉም እንደያዘ ነው። ደሴቶቹን ከባሕር ያወጣቸው ሰጎይ ስማቸውን ጠርቶ ነው፤ የአንድን ነገር እውነተኛ ስም ያወቀ ሰው በዚያ ነገር ላይ ሥልጣን አለው። ለ ጉዊን ከእኛ ብራና ቀዳች ማለቴ አይደለም። ያደገችው በአንትሮፖሎጂስት ቤት ነው፤ የቻይናውን የታኦ ትምህርት ዕድሜዋን ሙሉ አንብባለች፣ በ1997 ደግሞ የታኦን መጽሐፍ በራሷ እንግሊዝኛ አሳትማለች። ነገር ግን የአማርኛ አንባቢ ወደዚህ ዓለም የሚገባበት በር ከሌሎች አንባቢዎች የሰፋ ነው። የዓለም ስምና የክርስትና ስም ለይቶ ላደገ ሰው፣ የኧርዝሲ ልጅ እውነተኛ ስሙን በጆሮው ተቀብሎ ከሚያምነው በቀር ለማንም አለመንገሩ እንግዳ አይሆንበትም።

በኧርዝሲ ዓለምን ስለሚያቆሙት ስሞችና ምልክቶች፣ ስለ ጠባቂዎቻቸውም ሲነሳ የተለመደው ምሳሌ የሮክ ደሴት የጠቢባን ትምህርት ቤት ነው። በብቸኛ ግንብ ውስጥ የስም መምህሩ ተቀምጦ ለደቀ መዛሙርቱ የእያንዳንዱን ባሕረ ሰላጤና የእያንዳንዱን ቅጠል ስም ያስጠናል። እኔ ግን ጉዳዩ በሙሉ ክብደቱ ያለው በ1971 በወጣው ሁለተኛው መጽሐፍ፣ በ«የአቱዋን መቃብሮች» ውስጥ ነው እላለሁ። ምክንያቱም እዚያ ያሉት ጠባቂዎች የሚጠብቁትን አያነቡም።

መቃብሮቹን የሚጠብቁት የአቱዋን ካህናት ሁሉ ሴቶች ናቸው፤ ጃንደረቦች ያገለግሏቸዋል፤ ሌላ ወንድ አይገባም። ዋናዋ ካህን ስትሞት በዚያው ሌሊት የተወለደች ሕፃን ተፈልጋ ትመጣለች። ተናር የተባለችው ልጅ እንዲህ ከእናቷ ተለይታ መጣች፤ ስሟንም ወሰዱባትና «አርሃ»፣ ማለትም የተበላችው፣ አሏት። የምታገለግላቸው ኃይላት «ስም የለሾቹ» ይባላሉ። ስም ሥልጣን በሆነበት ዓለም ውስጥ ስም የለሽን የሚያመልክ፣ የአገልጋዩንም ስም የሚበላ ማኅበር ማቆም ትልቅ የድርሰት ብልሃት ነው።

ከመቃብሮቹ ሥር መብራት ክልክል ነው። አርሃ ዋሻውን የምታውቀው በመዳፏና በጆሮዋ ነው፤ የመተላለፊያውን ጥምዝ በቁጥር ሸምድዳለች፤ ቁጥሩም ከአፍ ወደ አፍ ሲወርድ የኖረ ነው። ከዕለታት አንድ ቀን ግን ከሩቅ ብርሃን ታያለች። ጌድ የተባለ አስማተኛ «የኤሬት አክቤ አምባር» የሚባለውን የተሰበረ አምባር ግማሽ ፍለጋ ገብቶ በትሩን አብርቷል። ያን ጊዜ የገዛ ዋሻዋን ለመጀመሪያ ጊዜ አየችው፤ ግድግዳው ክሪስታል ነው፤ ጣሪያው እንደ በረዶ ያብረቀርቃል። ስትጠብቀው የኖረችው ጨለማ ይህን ያህል ውበት ይዞ ነበር፤ ያሳያት ደግሞ ሌባው ነው። ለ ጉዊን ከጻፈቻቸው ትዕይንቶች ሁሉ ይህን የሚተካከል አላገኘሁም።

አምባሩ የብር ሲሆን በውስጡ ዘጠኝ ምልክቶች ተቀርጸዋል፤ ስብራቱ አንደኛውን ለሁለት ከፍሎታል። ያ የተከፈለው የሰላም ምልክት ነው፤ ያለ እርሱ ንጉሥ በደሴቶቹ ላይ በደህና ሊገዛ አልቻለም። አንደኛው ግማሽ በአቱዋን ግምጃ ቤት ባለ ሣጥን ውስጥ ነበረ። ሌላውን በአሸዋ ደሴት ላይ ከሰው ተለይታ ያረጀች ሴት ለጌድ በስጦታ ሰጥታዋለች፤ እሱም ምንነቱን ዘንዶ እስኪነግረው ድረስ ሳያውቀው በአንገቱ አንጠልጥሎት ኖሯል። ካህናቱ ከትውልድ ወደ ትውልድ የጠበቁት እንግዲህ ግማሽ ፊደል ነው። ግማሽ ፊደል አይነበብም። ሥልጣናቸውም ያረፈው በመነበቡ ላይ ሳይሆን በመደበቁ ላይ ነው።

እዚህ ላይ የእኛን ክታብ ማንሳት ግድ ይላል። ደብተራው በብራና ላይ ጸሎቱንና አስማቱን በግእዝ ይጽፋል፤ መሐል መሐል ላይ ትልልቅ ዓይን ያላቸውን ጠልሰሞች ይሥላል፤ የባለቤቱን የክርስትና ስም ያስገባል። ከዚያ ክታቡ ተጠቅልሎ በቆዳ ይሰፋና አንገት ላይ ይንጠለጠላል። ባለቤቱ ብዙ ጊዜ ግእዝ አያነብም። ዛሬ በአውሮፓና በአሜሪካ ቤተ መጻሕፍት ካሉት ክታቦች በአንዳንዶቹ ላይ የፊተኛው ባለቤት ስም ተፍቆ ሌላ ስም ገብቶበት ይታያል። ልዩነቱን ግን መዘንጋት የለብንም፤ ክታብ የሚጻፈው ስም ላለው ለአንድ ሰው ነው፣ ለልጅዋ የምትሰጋ እናት ሕፃናትን ትገድላለች ከምትባለው ከወርዘልያ እንድትጠበቅበት። የአቱዋን ምስጢር ግን ማንንም አይጠብቅም፤ የራሱን ጠባቂ ይበላል።

ይህን ስል ማኅበሩ ባዶ ማታለያ ነው ማለቴ አይደለም። ለ ጉዊንም እንዲህ አትልም፤ ስም የለሾቹ እውነተኛ ኃይላት ናቸው፣ ጌድም ይፈራቸዋል። እሱ የሚለው መኖራቸው ለመመለካቸው በቂ ምክንያት አይሆንም ነው። ሁለቱ ግማሾች በገጠሙ ጊዜም አምባሩ የሚውለው በጌድ ክንድ ላይ ሳይሆን በተናር ክንድ ላይ ነው፤ ስሟን መልሶ የሰጣትም እሱ ነው። እነሱ ወጥተው ሲያበቁ መቃብሮቹ ይፈርሳሉ።

ምልክት ዓለምን የሚያቆመው ሲደበቅ ሳይሆን ሲታወቅና ሲነገር መሆኑን ሦስተኛው መጽሐፍ በተቃራኒው ያሳያል። ስሞች ከአእምሮ ሲጠፉ በሐር በታወቀችው የሎርባነሪ ደሴት ቀለም ነካሪዎቹ ሙያቸው ይጠፋባቸዋል፤ ዘማሪዎች ዜማቸውን ይረሳሉ። ዓለሙ የሚፈርሰው በነጎድጓድ ሳይሆን በእጅ ሥራ መበላሸት ነው።

ደራሲዋ ግን አንድ ዕዳ ነበረባት። ሮክም የወንዶች ብቻ ነበረ፤ በ2001 በወጣው የአጫጭር ታሪኮች መድበል ውስጥ ትምህርት ቤቱን ከመሠረቱት መካከል በምስጢር የተሳሰሩ ሴቶች እንደነበሩ፣ በኋላም በሩ እንደተዘጋባቸው ጽፋለች። ተናርም ቢሆን አምባሩን በክንዷ ይዛ ከጨለማ ካወጣች በኋላ በሦስተኛው፣ በ1972ቱ መጽሐፍ በጥቂት ቃል ብቻ ትነሳለች። ለ ጉዊን ወደ እሷ የተመለሰችው በ1990፣ በ«ተሃኑ»፣ ከ18 ዓመት በኋላ ነው።